ቤዙ ጥሎት የሄደው ባንድ፦ የግላስጎው ሂፕስዌይ

የስኮትላንዱን የግላስጎው ከተማ ባንድ የሂፕስዌይን «ዘ ሃኒቲፍ»፣ የማር ሌባዋ እንደማለት ነው፣ በስልክ ድምፅ ማጉያ የሰማ ሰው ዘፈኑን ሰማሁ ባይል ይሻለዋል። በስልክ ሲጫወት የድምፃዊው የግሬም ስኪነር ወፍራም ድምፅና ጭክ ጭክ የምትል ጊታር ይሰማሉ። ከሥር ያለው ሁሉ ይቀራል። የቤዝ ጊታር ወፍራሙ ክር በባዶው ሲመታ የሚንቀጠቀጠው በሰከንድ 41 ጊዜ አካባቢ ነው፤ የስልክ ማጉያ ደግሞ ከ300 ኸርዝ (በሰከንድ 300 ንዝረት) በታች ያለውን ለስሙ ያህል ነው የሚያወጣው። ያንኑ ዘፈን በደህና የጆሮ ማዳመጫ ስትሰሙት ሌላ ዘፈን ይሆናል። ቤዙ ይመራል፣ ድራሙ ከጎኑ ይሄዳል፣ ጊታሩ ክፍተቱን ይሞላል፣ ስኪነር ከላይ ሆኖ እንደ ልቡ ይንጎራደዳል።

ይህን ማንሳቴ የሂፕስዌይ ታሪክ ሁልጊዜ በድምፃዊው በኩል ስለሚተረክ ነው። መልከ መልካም ድምፃዊ፣ አንድ የታወቀ ዘፈን፣ ሁለት አልበም፣ ከዚያ መበተን። በእኔ አስተያየት ባንዱ ያበቃለት በ1989 አይደለም፤ ቤዝ ተጫዋቹ ጊታሩን ቦርሳው ውስጥ ከትቶ የወጣ ጊዜ ነው። ቀሪው ሦስት ዓመት የተዝካር ድግስ ነበር። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ቤዝ ተጫዋቹ ጆኒ ማክኤልሆን ይባላል። ሂፕስዌይ በ1984 ግላስጎው ላይ ሲቋቋም እሱ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ያለ ወጣት ቢሆንም በሙያው አንድ ዙር ጨርሶ ነበር። ከዚያ በፊት የተጫወተው ክሌር ግሮጋን በምትዘፍንበት ኦልተርድ ኢሜጅስ በሚባል ባንድ ነው። ባንዱ በ1981 «ሃፒ በርዝደይ» በሚለው ዘፈን የእንግሊዝ የሽያጭ ሰንጠረዥ 2ኛ ደረጃ ላይ ወጥቶ፣ በ1983 ተበትኗል። እግረ መንገዴን ልንገራችሁ፣ የማክኤልሆን አባትም እናትም የሌበር ፓርቲ የፓርላማ አባላት ነበሩ። አባትየው በ1982 ሲሞቱ በግላስጎው ወንበራቸው ተወዳድረው የገቡት እናትየው ናቸው።

ሌሎቹ ሦስቱ ድምፃዊው ስኪነር፣ ጊታሪስቱ ፒም ጆንስና ድራም መቺው ሃሪ ትራቨርስ ናቸው። ስኪነር የመጣው ጃዛቲርስ ከሚባል ባንድ ነው። ጃዛቲርስን ብዙ ሰው አያውቀውም፤ ያኔም አላወቀው። የግላስጎው ሶል ፖፕ፣ ከጥቁር አሜሪካውያን ሶል የተቀዳው ፖፕ፣ የዘር ሐረግ ግን በዚያ በኩል ያልፋል። ከስኪነር በፊት እዚያ ባንድ ውስጥ የዘፈኑት እህትማማቾቹ ሉዊዝና ዲርድሬ ሩትኮውስኪ ወጥተው ሰንሴት ገን የሚባል፣ ከሂፕስዌይም ያጠረ ዕድሜ የነበረው ባንድ አቋቋሙ። ወደእነሱ እመለሳለሁ።

ዝናባም የመርከብ ሠሪዎች ከተማ ውስጥ ይህ ሁሉ ሶል ከየት መጣ? መልሱን ለማግኘት አንድ ሰው ብቻ መከተል ይበቃል፤ አሜሪካዊውን የሶል ዘፋኝ አል ግሪንን። አል ግሪን ሜምፊስ ውስጥ ሮያል በሚባለው ስቱዲዮ፣ በፕሮዲውሰሩ ዊሊ ሚቸል እጅ የቀረጻቸው የ1970ዎቹ ዘፈኖች ለግላስጎው ልጆች የተግባር መማሪያ ነበሩ። አለን ሆርን የሚባል ወጣት ፖስትካርድ የተሰኘ ትንሽ የሸክላ አሳታሚ ሲከፍት መፈክሩን «የወጣቷ ስኮትላንድ ድምፅ» አለው። የአሜሪካው የሶል አሳታሚ ሞታውን ራሱን «የወጣቷ አሜሪካ ድምፅ» ይል ስለነበር ነው፤ ግማሹ ቀልድ፣ ግማሹ የምር። የፖስትካርድ ዋናው ባንድ ኦሬንጅ ጁስ ወደ ትልቅ ኩባንያ እንደተሻገረ በ1981 ያወጣው ነጠላ ዜማ የአል ግሪን ዘፈን ነው። ብዙም አልሄደም። በ1983 ግን «ሪፕ ኢት አፕ» በሚል ዘፈን 8ኛ ደረጃ ደረሰ። የዚያን ዘፈን ቤዝ የምትጫወተው ሮላንድ ቲቢ 303 የምትባል ትንሽ የብር ቀለም ማሽን ናት፤ ድራሙን የሚመታው ዚምባብዌያዊው ዚክ ማኒካ ነው። ዌት ዌት ዌት የሚባሉት ባንድ ደግሞ ከግላስጎው አጠገብ ካለችው ክላይድባንክ ተነሥተው በ1986 ሜምፊስ ድረስ ሄደው ከራሱ ከዊሊ ሚቸል ጋር ቀረጹ። ማክኤልሆንም ከሂፕስዌይ ከወጣ በኋላ ባቋቋመው ባንድ፣ በቴክሳስ፣ በ1992 የአል ግሪንን ዘፈን እንደገና ሠርቶ 19ኛ ደረጃ ደርሷል።

ከሜምፊስ የተማሩት ነገር ጩኸት አይደለም። ዝምታ ነው፤ በምቶች መካከል የሚተው ባዶ ቦታ። ይህ ዓይነቱ ግሩቭ፣ ሰውነት የሚያወዛውዘው የቤዝ፣ የድራምና የጊታር አካሄድ፣ እንዴት እንደሚገጣጠም በቁጥር ማሳየት ይቻላል፣ መሞከርም ይቻላል።

ፍጥነቱን በደቂቃ 110 ምት አድርጉት። እያንዳንዱን አራት ምት ያለውን ክፍል በ16 ክፈሉት። አንዱ ምት 545 ሚሊ ሰከንድ ገደማ ይሆናል፣ ከ16ቱ አንዷ ደግሞ 136 ሚሊ ሰከንድ ገደማ። አሁን 16 ባዶ ሳጥን አላችሁ ማለት ነው። ጀማሪ ሁሉ የሚሳሳተው እነዚህን ሳጥኖች ለመሙላት ሲሮጥ ነው። ቤዙ ከ16ቱ አምስት ወይም ስድስቱን ብቻ ይውሰድ። የመጀመሪያውን ከኪኩ (በእግር ከሚመታው ትልቁ ከበሮ) ጋር አብሮ ይምታ፣ ሁለተኛው ምት ላይ ስኔሩ (በዱላ የሚመታው ስል ድምፅ ያለው ከበሮ) ሲመታ ቤዙ ዝም ይበል፣ ሦስተኛው ምት ላይ ሊገባ ሲል አንዷን ሳጥን ቀድሞ ይግባ። ያቺ ቀድሞ መግባት ናት ትከሻ የምታወዛውዝ።

ቤዝ ላይ ዋናው ነገር የትኛው ኖታ ተመታ የሚለው ሳይሆን ኖታው መቼ ቆመ የሚለው ነው። ኖታው ሳይቆም ወደ ስኔሩ ከተንዘላዘለ ስኔሩ ይደበዝዛል። ድራም መቺው «አልሰማ አልኩ» ብሎ አጠንክሮ ይመታል፣ ያኔ ሁሉም ይጮኻል፣ ግሩቩም ይሞታል። መድኃኒቱ የግራ እጅ ነው፦ ጣትን ከክሩ ላይ ሳያነሡ ጫናውን ብቻ መልቀቅ። ጣት ሙሉ በሙሉ ከተነሣ ክሩ ይንጫጫል። መቅጃ ላይ ኮምፕረሰር (ከፍ ያለውን ድምፅ የሚጨምቅ መሣሪያ) 4 ለ 1 አድርጎ ከፍተኛዎቹን ምቶች ከ3 እስከ 6 ዴሲቤል ዝቅ ማድረግ ይበቃል። ከዚያ በላይ ከጨመቃችሁት ኖታው ሲያልቅ የነበረው ዝምታ ተመልሶ በማይፈለግ ድምፅ ይሞላል።

ጊታሩ የተለየ ዲሲፕሊን ይጠይቃል። ቀኝ እጅ 16ቱንም ሳጥን ወደ ታች ወደ ላይ፣ ወደ ታች ወደ ላይ እያለ ያለማቋረጥ ይሄዳል፤ የሚሰማው ግን ከአራት እስከ ስድስቱ ብቻ ነው። የቀረው ግራ እጅ ክሮቹን ሳይጫን ነክቷቸው ብቻ ስለሚቆም «ጭክ» ብሎ ያልፋል። ለመለማመጃ ኢ ዘጠኝ የተባለውን ኮርድ ያዙ፦ ከወፍራሙ ሁለተኛው ክር 7ኛ ፍሬት (የጊታሩ አንገት መከፋፈያ)፣ ቀጣዩ 6ኛ፣ የቀሩት ሦስቱ 7ኛ ላይ። ከዚያ ሦስቱን ቀጫጭን ክሮች ብቻ ምቱ። አምስቱንም ከመታችሁ የቤዙን ሰፈር ገባችሁበት። ችግሩ የሚመጣው ዝምታው ላይ ቀኝ እጅ ሲቆም ነው። ቆሞ የነበረ እጅ ሲነሣ ሁልጊዜ ይዘገያል፣ ወይም እንዳይዘገይ ፈርቶ ይቀድማል። ሌላው ስሕተት ከክርን መምታት ነው፤ እንቅስቃሴው ከእጅ አንጓ ካልመጣ ሦስት ደቂቃ ሳይሞላ ክንድ ይዝላል። አምፕሊፋየሩ ንጹሕ ይሁን፣ ጌይኑ ዝቅ ይበል፣ የክሩ ውፍረት 009 ወይም 010 የሚባለው ቢሆን ይመረጣል። ሚክስ ላይ፣ ድምፆቹ ሲቀላቀሉ፣ ደግሞ ከ150 ኸርዝ በታች ያለውን ጊታር ያለ ርኅራኄ ቁረጡት። ብቻውን ሲሰማ ይሳሳል፣ ከቤዙ ጋር ሲሆን ይስተካከላል።

የ1986ቱን ዓመት የሚያስታውቀው የስኔሩ ድምፅ ነው። ያ ትልቅ፣ ግድግዳ የሚመታ የሚመስል፣ ከዚያ በመቀስ እንደተቆረጠ የሚጠፋ ድምፅ። አሠራሩ ቀላል ነው። ስኔሩ ወደ ሪቨርብ (የገደል ማሚቶ ዓይነት ድምፅ የሚጨምር መሣሪያ) ይላካል፣ ከሪቨርቡ በኋላ ጌት ይገጠማል፣ ጌቱ ከተወሰነ ጊዜ በኋላ በሩን ይዘጋል። በ110 ምት ፍጥነት ጌቱ 270 ሚሊ ሰከንድ አካባቢ ላይ ቢዘጋ ሁለት ሳጥን ብቻ ይይዛል። 400 ከደረሰ ሦስተኛውንም ሳጥን ይይዝና የጊታሩን ጭክጭክታ ይውጠዋል። የዚያ ዘመን ብዙ የሶል ፖፕ ቀረጻ ዛሬ ሲሰማ የሚከብደው በዚህ ምክንያት ነው፤ ጥሩ ተጫዋቾች ከስኔር ጀርባ ተቀብረዋል።

የሂፕስዌይ የመጀመሪያ አልበም ከዚህ በአብዛኛው የተረፈ ይመስለኛል። ፕሮዲውሰሮቹ የሚያደርጉትን የሚያውቁ ነበሩ። ጋሪ ላንጋን አርት ኦፍ ኖይዝ ከሚባለው ባንድ መሥራቾች አንዱ ሲሆን ከፕሮዲውሰሩ ትሬቨር ሆርን ጋር ኤቢሲ የሚባለውን ባንድ የመጀመሪያ አልበም በመሐንዲስነት የሠራ ሰው ነው። ፖል ስቴቭሊ ኦዳፊ ደግሞ በዚያው በ1986 ስዊንግ አውት ሲስተር የሚባለውን ባንድ «ብሬክአውት» ያወጣ ነው። ሁለቱም ድምፅ መደርደር የሚወዱ ሰዎች ቢሆኑም ቤዙን አልነኩትም። «ቲንደር»ን አዳምጡ። ዘገም ያለ ነው፣ የስኪነር ድምፅ ሰፊ ቦታ አግኝቷል። በስኮትላንድ ሰው ሁሉ ያወቀው ግን በአልበሙ ሳይሆን በማክዩዋንስ ቢራ የቴሌቪዥን ማስታወቂያ ነው። «ዘ ብሮክን ይርስ» ባንዱ ገና ራሱን ሲፈልግ የተሠራ ነው፤ ጉልበት አለው፣ ግሩቩ ግን ገና አልተፈታም። «ሎንግ ኋይት ካር» ለእኔ የአልበሙ ቁንጮ ነው፤ ሕዝብ አልተስማማም፣ 55ኛ ላይ ቆመ።

እዚህ ላይ የእንግሊዝ ሰንጠረዥ እንዴት ይሠራ እንደነበር ካልተነገረ ቀሪው አይገባም። ከ1983 ጀምሮ ሽያጩን የሚቆጥረው ጋሎፕ የተባለው ድርጅት ነበር፤ በተመረጡ የሸክላ ሱቆች መመዝገቢያ መሣሪያ ተገጥሞ የየዕለቱ ሽያጭ በስልክ መስመር ይላካል። ሙሉው ዝርዝር ቢረዝምም ሕይወት ያለው እስከ 40ኛው ድረስ ነው። የቢቢሲ ሬዲዮ ቆጠራ 40ዎቹን ነው የሚያጫውተው፣ ቶፕ ኦፍ ዘ ፖፕስ የተባለው የቴሌቪዥን ፕሮግራምም ከዚያው ነው የሚመርጠው። 41ኛ የሆነ ዘፈን ማለት ደጃፍ ላይ ዝናብ ሲመታው ያደረ እንግዳ ማለት ነው። ሂፕስዌይ በ1985 ያወጧቸው ሁለት ነጠላ ዜማዎች 40ዎቹን ሳይነኩ ወደቁ። በ1986 መጀመሪያ «ዘ ሃኒቲፍ» 17ኛ ደረሰ። በሚቀጥለው ዓመት አሜሪካ ውስጥ 19ኛ ሆነ፤ ለግላስጎው ባንድ ይህ ቀልድ አይደለም። ከዚያ «አስክ ዘ ሎርድ» እንደገና ወጥቶ 50ኛ። አልበሙ 42ኛ።

ቁጥሮቹን ደርድራችሁ ስታዩዋቸው የኩባንያው ሒሳብ ሠራተኛ ያየውን ታያላችሁ፦ አንድ ከፍታ፣ ከፊቱና ከኋላው ሜዳ። የዚያ ዘመን ውል በደምሳሳው እንዲህ ነበር። ኩባንያው ቅድሚያ ገንዘብ ይሰጣል፤ ስጦታ ሳይሆን ከሽያጭ ድርሻ የሚቆረጥ ዕዳ ነው። የስቱዲዮ ኪራይ፣ የፕሮዲውሰር ክፍያ፣ አብዛኛውን ጊዜ የቪዲዮው ግማሽ ወጪም በዚያው ላይ ይደመራል። ለምሳሌ ያህል፣ ዕዳው 100,000 ፓውንድ ሆኖ የባንዱ ድርሻ ከአንድ አልበም 50 ፔንስ ቢሆን፣ 200,000 አልበም እስኪሸጥ ድረስ ባንዱ ከሽያጭ ሳንቲም አያይም። እስከዚያ የሚበላው ከየት ነው? ከደራሲነት መብት። ዘፈኑ በሬዲዮ በተጫወተ ቁጥር ለገጣሚውና ለዜማ ደራሲው የሚከፈለው ገንዘብ ከዚያ ዕዳ ጋር አይቀላቀልም። ማስታወቂያ ላይ ሲውል ደግሞ ለዘፈኑ ባለመብትና ለቀረጻው ባለቤት ለየብቻ ይከፈላል። ስለዚህ ባንድ ውስጥ ማን ጻፈ የሚለው ጥያቄ የክብር ጥያቄ ብቻ አይደለም። ማን ባንዱን ለቅቆ መኖር ይችላል የሚለውም እዚያው ውስጥ አለ።

ማክኤልሆን ለቀቀ። በዚያው በ1986 ከሻርሊን ስፒቴሪና ከጊታሪስቱ አሊ ማክኧርሌን ጋር ቴክሳስን አቋቋመ። ስፒቴሪ ያኔ ፀጉር ሠሪ ነበረች። የመጀመሪያ ዝግጅታቸውን ያቀረቡት በመጋቢት 1988 በደንዲ ዩኒቨርሲቲ ነው፤ በ1989 «አይ ዶንት ዎንት ኤ ላቨር» 8ኛ፣ አልበሙ «ሳውዝሳይድ» 3ኛ ደረጃ ላይ ወጣ። አሳታሚው ያው ሂፕስዌይን ያሳተመው ሜርኩሪ ነው። ለአንድ የኩባንያ ቢሮ ከዚህ የቀለለ ውሳኔ የለም። ሁለት ባንድ በአንድ መደርደሪያ ላይ ተቀምጠዋል፤ አንዱ ከግሩቩ ባለቤት ጋር ወደ ላይ እየወጣ ነው፣ ሌላው ያለ እሱ ለሦስት ዓመት ያህል ሁለተኛ አልበም ሲያዘጋጅ ቆይቷል።

ሦስት ዓመት በፖፕ ዓለም ረጅም ነው፤ በተለይ እነዚያ ሦስት ዓመታት። በ1986 አራት ሰው ሸሚዙን ቆልፎ ፋንክ ቢጫወት ዘመናዊ ነበር። በ1989 የእንግሊዝ ወጣት በሃውስ ሙዚቃ እየጨፈረ ነበር፤ ቤዙ የሚመጣው ከማሽን ነው፣ ኪኩ አራቱንም ምት ላይ እኩል ይወርዳል። ያ የሜምፊስ ባዶ ቦታ፣ ያ ሳጥን መተው፣ ያረጀ ወሬ ሆነ። «ስክራች ዘ ሰርፌስ» በዚያ ዓመት ወጣ፤ «ዩር ላቭ» የሚለው ነጠላ ዜማ 66ኛ ላይ ቆመ፤ ባንዱም በዚያው ተበተነ። አልበሙ መጥፎ አይደለም። ስኪነር እንዲያውም ከመጀመሪያው በተሻለ ይዘፍናል ብዬ ልከራከር እችላለሁ። ግን ዘፈኖቹ ከላይ ወደ ታች የተሠሩ ናቸው፤ መጀመሪያ ዜማ፣ ከዚያ ማጀቢያ። የመጀመሪያው አልበም ከታች ወደ ላይ ነው የበቀለው።

በዚያው ሰሞን በምሥራቅ ስኮትላንድ ባለችው ደንዲ የተገላቢጦሹ ደረሰ። ዳኒ ዊልሰን የሚባል የሦስት ሰው ባንድ፣ ወንድማማቾቹ ጋሪና ኪት ክላርክ ከቤዝ ተጫዋቹ ጄድ ግራይምስ ጋር፣ «ሜሪስ ፕሬየር» የሚለውን ዘፈን በ1987 ሲያወጣ 86ኛ ሆኖ ወደቀ። አሜሪካ 23ኛ አደረሰው። በ1988 እንግሊዝ ውስጥ በሦስተኛው ሙከራ 3ኛ ደረጃ ላይ ወጣ። ያው ቀረጻ፣ ያው ድምፅ፣ ያው ሰዎች። ልዩነቱ የሬዲዮ አዘጋጆች ጆሮና የኩባንያው ትዕግሥት ብቻ ነው። ያም ሆኖ በ1991 ተበተኑ። ጋሪ ክላርክ በኋላ ለፊልም ዘፈን በመድረስ ትልቅ ስም አገኘ፤ ግራይምስ ዛሬ ሲምፕል ማይንድስ የሚባለው የግላስጎው ባንድ ቤዝ ተጫዋች ነው። የስኮትላንድ ቤዝ ተጫዋቾች ሥራ ፈትተው አያውቁም።

ሰንሴት ገን ይህን ያህል ዕድል አላገኙም። የሩትኮውስኪ እህትማማቾች ድምፅ ሲዋሐድ አንድ ጉሮሮ ነው የሚመስለው። በ1985 ሲቢኤስ ያሳተመላቸው «ኢን አን ኢንስታንት» ብቸኛ አልበማቸው ሆኖ ቀረ። የእነሱ ችግር ከሂፕስዌይ ይለያል፤ ድምፁ ነበራቸው፣ ከሥር የሚሸከመው ቋሚ የሪትም ክፍል ግን አልነበራቸውም። በሚቀጥለው ዓመት ሁለቱም ዲስ ሞርታል ኮይል በተባለው የፎር ኤ ዲ አሳታሚ ስብስብ ቀረጻ ላይ ብቅ አሉ፣ እዚያ ደግሞ ከበሮ እምብዛም አያስፈልግም፤ ድምፃቸው በመጨረሻ በቂ አየር አገኘ።

ላቭ ኤንድ መኒም መጠቀስ አለበት፣ ባጭሩ። ጄምስ ግራንት የሚመራው ይህ የግላስጎው ባንድ በ1988 ሁለተኛ አልበሙን ለአሜሪካው ባንድ ለስቲሊ ዳን ፕሮዲውሰር ለጋሪ ካትዝ ሰጠ፤ ድራሙን ስመ ጥሩ አሜሪካዊ ጄፍ ፖርካሮ መታው። ከዚህ በላይ ንጹሕ ቀረጻ ከስኮትላንድ አልወጣም። ለዕዳው ግን ንጽሕና መልስ አይሆንም፤ እንደዚያ ያለ ስቱዲዮና እንደዚያ ያለ ድራም መቺ ስንት እንደሚያስወጣ መገመት አያዳግትም።

ሸክላውን መግዛት ለሚፈልግ፦ የሂፕስዌይ የመጀመሪያ አልበም በአገልግሎት ላይ የዋለ ዕቃ ገበያ ውስጥ ብርቅ አይደለም፣ ስለዚህ ውድ ዋጋ ለሚጠራ ሻጭ አትቸኩሉ። የእንግሊዙ ሜርኩሪ፣ የአሜሪካው ኮሎምቢያ የሚል ምልክት አለው። ስለ ሽፋኑ ንጽሕና ሳይሆን ስለ ሸክላው ጠይቁ። በመብራት ሥር አዘንብላችሁ እዩት፤ ጥፍር የማይዘው ጭረት ድምፅ ላይ ብዙም አይወጣም፣ ጥፍር የሚይዘው ግን በየዙሩ «ጠቅ» ይላል። በደቂቃ 33 ዙር ስለሚዞር ያቺ ጠቅታ በየ1.8 ሰከንዱ ትመጣለች፣ ከግሩቩ ጋርም አትገጥምም፤ ከዚህ የሚያናድድ ነገር የለም። ከየገጹ የመጨረሻውን ዘፈን በተለይ ፈትሹ። መርፌው ወደ መሐል ሲጠጋ መስመሩ በሥሩ የሚያልፍበት ፍጥነት ስለሚቀንስ «ሰ» እና «ሸ» የመሳሰሉት ድምፆች መጀመሪያ የሚበላሹት እዚያ ነው። መርፌው ያረጀ ማጫወቻ ላይ ብዙ የተጫወተ ቅጂ ከሆነ ምንም ዓይነት እጥበት አያድነውም።

ቆሻሻ ብቻ ከሆነ ግን ይድናል። ሦስት እጅ የተጣራ ውኃ፣ አንድ እጅ አይሶፕሮፒል አልኮል፣ የዕቃ ማጠቢያ ፈሳሽ አንድ ጠብታ። በለስላሳ ጨርቅ የመስመሩን አቅጣጫ ተከትሎ ማዞር፣ ከዚያ በንጹሕ የተጣራ ውኃ ብቻ ማለቅለቅ። መሐል ያለውን ወረቀት ውኃ እንዳይነካው፣ የቧንቧ ውኃም አትጠቀሙ፤ ሲደርቅ የሚተወው ነጭ ነገር ራሱ ድምፅ ያወጣል። የመርፌው ክብደት አምራቹ በጻፈው ልክ ይሁን፤ ለብዙዎቹ ከ1.5 እስከ 2 ግራም ነው። «ሸክላው እንዳይጎዳ» ብሎ ማቅለል ተቃራኒውን ያመጣል። የቀለለ መርፌ መስመሩ ውስጥ እየዘለለ ግድግዳውን ይመታዋል፣ ቤዝ የበዛበት ዘፈን ላይ ደግሞ ይህ ይብሳል።

ምርጫ ካገኛችሁ ባለ 12 ኢንቹን ነጠላ ዜማ ውሰዱ። መስመሩ ሰፋ ብሎ ስለሚቆረጥ ቤዙ ጎላ ይላል፣ ቅጂውም ረዘም ያለ ነው። ባለ 7 ኢንቹ ለሬዲዮና በሳንቲም ለሚሠራ የሙዚቃ ሳጥን የተሠራ ነው፤ ብሩህ ነው፣ ከታች ግን ይሳሳል።

ባንዱ የመጀመሪያው አልበም 30 ዓመት ሲሞላው በ2016 ግላስጎው ላይ ተመልሶ ተጫውቷል፤ በ2018 ደግሞ ስኪነርና ጆንስ «ስሞክ ኤንድ ድሪምስ» የሚል አዲስ አልበም አወጡ። የስኪነር ድምፅ ከዕድሜ ጋር ይበልጥ ወፍሯል፣ ዘፈኖቹም እንደ ድሮው አይቸኩሉም። መጀመሪያ የሚሰማው ግን የ1986ቱ ነው። «ዘ ሃኒቲፍ»ን ክፈቱና ድምፃዊውን ለአንድ ደቂቃ ርሱት፤ ቤዙ የት እንደሚቆም ብቻ ቁጠሩ። ቀጥሎ «አይ ዶንት ዎንት ኤ ላቨር»ን ክፈቱ። በብረት የሚንሸራተተው ጊታር መግቢያውን እስኪጨርስ ታገሡና ቤዙ ሲገባ ያንኑ ቁጠሩ።